ከጓሮ ቀፎ ማር መቁረጥና ማስቀመጥ፦ ተደጋግመው የሚጠየቁ ጥያቄዎች

ከእንጦጦ ጀርባ፣ ሱሉልታ፣ ቤቴ ጓሮ ውስጥ አምስት ቀፎ አለኝ። ሦስቱ ዛንደር የሚባለው ባለ ፍሬም ቀፎ (ንቦቹ የማር እንጀራውን ተነስቶ በሚወጣ የእንጨት ክፈፍ ላይ የሚሠሩበት)፣ አንዱ በዚህና በባህላዊው መካከል ያለው የሽግግር ቀፎ፣ አንዱ ደግሞ ከአባቴ የወረስኩት ከቀርከሃ ተሠርቶ በእበት የተለቀለቀ ባህላዊ ቀፎ ነው። አደይ አበባ ብቅ ካለበት ቀን ጀምሮ ጎረቤትም ዘመድም ስለ ማር ይጠይቀኛል፤ ከሰንዳፋ፣ ከሰበታ፣ ከቡራዩ የሚደውሉም አሉ። ከጥያቄዎቹ የሚበዛው «ማሬ ለምን ተበላሸ?» የሚለው ነው። የዚህ መልስ ብዙውን ጊዜ ያለው ማስቀመጫው ላይ ሳይሆን ማሩ የተቆረጠበት ዕለት ላይ ስለሆነ፣ ስለዚያ ዕለት ረዘም አድርጌ ጽፌያለሁ።

ማር የሚቆረጠው መቼ ነው?

በእኛ አካባቢ ዋናው ማር የሚቆረጠው ከጥቅምት አጋማሽ እስከ ህዳር መጨረሻ ባለው ጊዜ ነው። ክረምቱ ሲወጣ ማገጡም፣ አደይ አበባውም፣ በየማሳው ዳር የሚበቅለው መጭም ያብባል። ሐምሌንና ነሐሴን በዝናብ ታግተው፣ ያላቸውን እየቆጠቡ ያሳለፉት ንቦች በእነዚህ ጥቂት ሳምንታት ነው ጎተራቸውን የሚሞሉት። አደዩ ሜዳውን ቢጫ ሲያለብሰው ብዙ ሰው ማሩ የደረሰ ይመስለዋል። በዚያን ጊዜ ግን ንቧ ገና እየቀሰመች ነው። አበባው ረግፎ አገዳው መድረቅ ሲጀምር ነው ቀፎ ከፍቶ ማየት የሚገባው።

ሁለተኛው ዙር ግንቦት ውስጥና ሰኔ መግቢያ ላይ ነው። የሚገኘው ግን የበልጉ ዝናብ ደህና ከሆነና ባህር ዛፉ በደንብ ካበበ ብቻ ስለሆነ በየዓመቱ አይጠበቅም። ባህር ዛፍ በአጼ ምኒልክ ዘመን በማገዶ እጦት ምክንያት የገባ ዛፍ ነው፤ ስለ መሬቱና ስለ ውሃው የሚነሳበት ወቀሳ እንዳለ ሆኖ፣ ለአዲስ አበባ ዙሪያ ንብ ትልቅ ባለውለታ ነው። የባህር ዛፍ ማር ጠቆር ይላል፣ ጣዕሙም ጠንከር ያለ ነው። የአደይና የመጭ ማር ደግሞ ወርቅማ ቢጫ ነው።

ህዳር 12 ቀን፣ ህዳር ሲታጠን፣ በየደጁ ቆሻሻ ተሰብስቦ ይቃጠላል። በ1911 ዓ.ም. ብዙ ሕዝብ ከፈጀው የህዳር በሽታ ጋር ተያይዞ የቆየ ልማድ ነው። ንብ ጭስ ሲሸታት እሳት የመጣ ያህል ትቆጥረውና ለስደት ስንቅ እንዲሆናት ማር ትጎነጫለች። ስለዚህ ሰፈሩ ሁሉ በጭስ በታፈነበት ቀን ቀፎ አልከፍትም፤ ሁለት ሦስት ቀን አሳልፌ ንቦቹ ሲረጋጉ ነው የምቆርጠው።

ማሩ መብሰሉን በምን አውቃለሁ?

ከቀለሙም ከጣዕሙም አይታወቅም። የሚታወቀው ከክዳኑ ነው።

ንቧ ከአበባ ቀስማ የምታመጣው ፈሳሽ አብዛኛው ውሃ ነው። ቀፎ ውስጥ ከአፍ ወደ አፍ እየተቀባበሉት፣ ሌሊቱን ሙሉ በክንፋቸው እያራገቡ ውሃውን ያተኑታል። በጥቅምት ማታ ጆሮዎን ቀፎው ላይ ቢያስጠጉ የሚሰማው ያ የማያቋርጥ ጉምጉምታ የዚህ ሥራ ድምፅ ነው። ውሃው ወደ 18 በመቶ ገደማ ሲወርድ እያንዳንዱን የእንጀራ ዓይን በስስ ሰም ይከድኑታል። የተከደነ ማር የበሰለ ማር ነው፤ ክፍት የሆነው ገና በሥራ ላይ ነው።

በፍሬም ቀፎ ነገሩ ቀላል ነው። ፍሬሙን አውጥተው ይዩት፤ ከአራት እጅ ሦስቱ እጅ ከተከደነ መቁረጥ ይቻላል። ግማሹ ክፍት ከሆነ ይመልሱትና ከሳምንት በኋላ ይምጡ። ከተጠራጠሩ ፍሬሙን አግድም ይያዙና ወደ ታች ነቅነቅ ያድርጉት፤ ክፍት ከሆኑት ዓይኖች ጠብታ ከተረጨ ማሩ ቀጭን ነው ማለት ነው። በባህላዊ ቀፎ እንዲህ አውጥቶ ማየት አይቻልም። እኔ ከኋላ በኩል ከፍቼ እንጀራዎቹን አንድ በአንድ እያየሁ የተከደነውን ብቻ እቆርጣለሁ፤ ክፍት ማር ወይም እጭ ያለበት እንጀራ ላይ ስደርስ እዚያው አቆማለሁ። እጩ አብዛኛውን ጊዜ ወደ መግቢያው ቀረብ ብሎ ነው የሚገኘው።

የማርን ውሃ የሚለካ ሪፍራክቶሜትር የሚባል የኪስ መሣሪያ አለ። ኮዴክስ የሚባለው ዓለም አቀፍ የምግብ ደረጃ ለአብዛኛው ማር የሚፈቅደው እስከ 20 በመቶ ውሃ ነው። ለሁለት ሦስት ቀፎ መሣሪያ መግዛት ግድ አይልም፤ ክዳኑን በትዕግሥት ማየት ይበቃል።

ለመስቀል እንግዳ ማር ማቅረብ ፈልጌ ነበር፤ መስከረም ላይ ብቆርጥ ምን ችግር አለው?

ለዚያው ሳምንት የሚበላ ትንሽ እንጀራ ከሆነ ምንም ችግር የለውም፤ ትኩስ ማር ከነእንጀራው ለእንግዳ ክብር ነው። ችግሩ የሚመጣው ያንኑ ማር ለዓመት ሲያስቀምጡት ነው።

እኔ በመጀመሪያው ዓመት መስከረም 25 ገደማ ቆረጥኩ። ፍሬሞቹ ከባድ ነበሩ፣ ደስታዬ ወሰን አልነበረውም፤ ግማሹ ሳይከደን አወጣሁት። የበሰለውንም ያልበሰለውንም በአንድ ባልዲ አጣራሁ። ጥር ላይ ክዳኑን ስከፍት አረፋ አውጥቶ፣ ብርዝ ብርዝ ሸተተኝ። ለብቻው ቢሆን ለዓመታት ይቆይ የነበረው የበሰለ ማርም አብሮ ፈላ። የእነዚያን ንቦች የክረምት ማግስት ልፋት በአንድ ባልዲ ማበላሸቴ እስከ ዛሬ ያሳዝነኛል። ከዚያ ወዲህ ማር ስቆርጥ ሁልጊዜ ሁለት ዕቃ ይዤ ነው የምወጣው፤ አንዱ ለተከደነው፣ አንዱ ላልተከደነው። ያልተከደነው ወዲያው ለብርዝ ወይም ለጠጅ ይውላል፤ ለዚያ ሥራ ቅጥነቱ አይጎዳውም።

በስንት ሰዓት ልቁረጥ? ንቦቹ ጎረቤት ቢነድፉስ?

ይሄ በገጠር ሰፊ ግቢ ካለው ሰው ይልቅ እኛን አጥር ለአጥር የምንኖረውን የሚመለከት ጥያቄ ነው፤ በቁም ነገር መያዝ አለበት። የአገራችን ንብ ቁጡ ነው። አንዷ ስትነድፍ የምትለቀው ሽታ ሌሎቹን ይጠራል፤ ሽታው ደግሞ የሙዝ ሽታ ይመስላል፤ በዚያን ቀን ሙዝ በልቶ ወይም ሽቶ ተቀብቶ ወደ ቀፎ አይኬድም።

እኔ የምጀምረው ከቀኑ 11 ሰዓት ተኩል በኋላ ነው። ፀሐይ ልትጠልቅ ስትል ንቦቹ ወደ ቤታቸው ይገባሉ፤ ቢቆጡ እንኳ ጨለማው ቶሎ ያበርዳቸዋል። አባቶቻችን በሌሊት የሚቆርጡት ያለ ምክንያት አይደለም፤ ነገር ግን በጨለማ የተከደነውን ካልተከደነው መለየት ከባድ ስለሆነ የመጨረሻው ብርሃን ላይ መጨረሱ ይሻላል።

ከመክፈቴ በፊት ጎረቤቶቼን እነግራለሁ፦ «ዛሬ ማታ ማር እቆርጣለሁ፣ ልጆች ወደ ውስጥ ይግቡ» ብዬ። የታሰረ እንስሳ ካለ ይፈታል ወይም ይርቃል። አህያ፣ ውሻ፣ ዶሮ ታስሮ ወይም ተዘግቶበት በንብ ሲሞት ማየት ከባድ ነገር ነው፤ መሸሽ ስለማይችል ነው የሚያልቀው። ማሩ ሲወጣ ደግሞ ከጎረቤት ድርሻ መጀመር ጥሩ ነው፤ ንቦቹ የሚቀስሙት ከእነሱ ጓሮም ነውና።

ቱታ፣ ዓይነ ርግብ፣ ጓንት፣ ቦቲ ጫማ ይልበሱ፤ ሱሪው ቦቲው ውስጥ አይግባ፣ ከላይ ይውረድና ይታሰር። ከተነደፉ እሾሁን በጥፍር ጭረው ወዲያው ያውጡት፤ በቆየ ቁጥር መርዙን ይጨምራል። ከንፈሩና ፊቱ የሚያብጥ፣ ሰውነቱ ሽፍ የሚል፣ ትንፋሽ የሚያጥረው ሰው ካለ ግን በቤት መድኃኒት ጊዜ ሳይባክን ሐኪም ቤት መሮጥ ነው።

ማሬ ጭስ ጭስ የሚሸተው ለምንድን ነው?

ጭሱ ስለበዛ ወይም የማይሆን ነገር ስለጨሰ ነው። በማጨሻው ውስጥ የደረቀ ኩበት ወይም የእንጨት ፍቅፋቂ ይበቃል። ላስቲክ፣ ፌስታል፣ ጋዝ የነካው ጨርቅ ንቡንም ማሩንም ይጎዳል። ጭሱ ነጭና ቀዝቀዝ ያለ ይሁን፤ መግቢያው ላይ ሁለት ሦስት ጊዜ፣ ክዳኑ ሲነሳ ደግሞ አንድ ሁለቴ ይበቃል። የተከፈተ የማር እንጀራ ላይ በቀጥታ አይነፋም። ማር ሽታ ይወስዳል፤ አንዴ ከገባበት አይወጣም።

ምን ያህል ልቁረጥ? ለንቦቹስ ምን ልተውላቸው?

ብዙ ቀፎ ባዶ የሚቀረው እዚህ ላይ በሚሠራ ስህተት ነው። ህዳር ላይ ሁሉንም ጠርገው ይወስዱና የካቲት ላይ «ንቤ ጥሎኝ ሄደ» ይላሉ። ከታህሳስ እስከ የካቲት ሱሉልታ ላይ ሌሊቱ ውርጭ ነው፣ አበባው ጥቂት ነው። የዘረፉት ቤት ውስጥ ንብ ምን ብሎ ይቀመጣል?

ባለ ፍሬም ቀፎ ከሆነ ከታችኛው የእጭ ክፍል ፈጽሞ አልነካም። በሁለቱ ክፍሎች መሀል የንግስት ማገጃ ካለ ንግስቲቱ ወደ ላይ ወጥታ እንቁላል ስለማትጥል የላይኛው ክፍል ንጹህ ማር ብቻ ይሆናል። ከላይኛው ክፍልም እኔ ጥቂት ፍሬም ትቼ ነው የምዘጋው። ከሽግግርና ከባህላዊ ቀፎ ደግሞ ከማሩ ሲሶውን ያህል እተዋለሁ። እጭ ያለበትን እንጀራ ቆርጦ ማውጣት ጨርሶ አይገባም፤ የሚቀጥለውን ዓመት ሠራተኛ ማጥፋት ነው፤ ማሩም ውስጥ ሲጨመቅ ያበላሸዋል። ሲቆርጡ ንግስቲቱ እንጀራው ላይ መኖር አለመኖሯን ይመልከቱ። አባቴ «አውራ» ነበር የሚላት፤ አውራ የሌለው ቀፎ እንደማይቆም ከልጅነቴ ያስተማረኝም እሱ ነው።

ጨክነው ብዙ ወስደው ከሆነ፣ ወይም ክረምቱ ከጠና፣ መመገብ ያስፈልጋል። በስኳርና በንጹህ ውሃ የተበጠበጠ ሽሮፕ ለጉልበት፣ በሶ ወይም ያልተቀመመ የሽሮ ዱቄት ደግሞ ለአበባ ዱቄት ምትክ ይሰጣል፤ አናቢዎቻችን ለረጅም ጊዜ ሲጠቀሙበት የቆየ ዘዴ ነው። ሽሮፑ በማታ ይሰጥ፣ አለዚያ የሌላ ቀፎ ንብ ለዝርፊያ ይመጣል። ማር ለመቁረጥ ሳምንታት ሲቀሩ ግን ስኳር መስጠት ማቆም ግዴታ ነው፤ ንቦቹ ሽሮፑን እንደ ማር ያከማቹትና የሚቆርጡት የስኳር ሽሮፕ ይሆናል።

የማር ማውጫ ማሽን የለኝም፤ እንዴት አጣራለሁ?

ለጥቂት ቀፎ ማሽን አያስፈልግም። የሚያስፈልገው ንጹህ ባልዲ፣ ወንፊትና ታጥቦ የደረቀ ነጭ ሻሽ ነው። እንጀራውን በንጹህ ቢላዋ እየቆራረጡ ባልዲ ውስጥ ይጨፍልቁት፣ ሻሹ በተዘረጋበት ወንፊት ላይ ያድርጉትና ወለላው በራሱ ይውረድ። በእጅ አጥብቆ መጭመቅ ሰፈፉን ያስገባና ማሩን ያደፈርሰዋል።

ከምንም በላይ የምመክረው፣ ማሩን በቆረጡበት ማታ ማጣራትን ነው። ቀፎ ውስጥ እጭ የሚያድግበት ቦታ ሙቀቱ 35 ዲግሪ ገደማ ስለሆነ ማሩ ሲወጣ ለስላሳ ነው። አንድ የህዳር ሌሊት ካደረ በቅዝቃዜው ይጠነክርና ለማጣራት ሁለትና ሦስት ቀን ይፈጃል፤ ያኔ ነው ሰው ትዕግሥቱ አልቆ ምድጃ ላይ የሚጥደው። ቤቱን ዘግተው፣ ውስጡን ሞቅ አድርገው ይሥሩ፤ መስኮት ክፍት ከሆነ ንቡ ሽታውን ተከትሎ ይመጣል። እጅም ዕቃም ፍጹም ደረቅ ይሁን። አንድ ጭልፋ ውሃ በአንድ ባልዲ ማር ላይ የሚያደርሰውን ጉዳት ብዙ ሰው አቅልሎ ያየዋል።

የተጣራው ማር ተከድኖ ሞቅ ባለ ክፍል ከሦስት ቀን እስከ ሳምንት ይረፍ። አረፋውና የሰም ፍርፋሪው ወደ ላይ ይወጣል፤ በማንኪያ ገፍፈው ወደ ማሰሮው ይገልብጡ። የተገፈፈው አይጣልም፣ ለብርዝ ይሆናል።

ማሽን ያለው ሰው ክዳኑን በሹካ ገፎ፣ ፍሬሙን አሽከርክሮ ማሩን ያወጣና እንጀራውን ሳይሰብር ለንቦቹ ይመልሳል። አንድ ኪሎ ሰም ለመሥራት ንቦች ከ6 እስከ 8 ኪሎ ማር እንደሚበሉ ስለሚገመት፣ የተመለሰ እንጀራ ለቀጣዩ ዓመት ማር ማለት ነው። ማሽኑ ውድ ስለሆነ ሦስት አራት ጎረቤት ተሰባስቦ ቢገዛው ጥሩ ነው።

በምን ዕቃ ላስቀምጠው?

ብርጭቆ ማሰሮ ከሁሉ ይሻላል። ለብዛት ደግሞ ለምግብ የተሠራ ፕላስቲክ ባልዲ ወይም የማይዝግ ብረት። የሚዝግ ቆርቆሮና መዳብ አይሆንም፤ ማር አሲድነት ስላለው ብረቱን ይበላል፣ ቀለሙም ጣዕሙም ይለወጣል። የዘይት ጄሪካን እንዴት ቢታጠብ ሽታው አይለቅም፤ ማር ነጋዴው ስለሚሠራበት ብቻ ትክክል አይሆንም። ሸክላ ገንቦ ያምራል፤ ነገር ግን ውስጡ በሰም ካልተለበጠ እርጥበት ያስተላልፋል።

ማር ከአየር እርጥበት ይስባል። ክዳኑ ላላ ብሎ ሐምሌንና ነሐሴን ያሳለፈ ማር ከላይ ቀጭን ሆኖ ሲገኝ ምክንያቱ ይሄ ነው። ክዳኑ ጥብቅ፣ ቦታው ደረቅና ጨለማ ይሁን፤ ከበርበሬ፣ ከሽንኩርትና ከነጭ ጋዝ ይራቅ። ዕቃው እስከ አፉ ቢሞላ አየር የሚይዘው ቦታ ያንሳል፤ ለዚህ ነው አንድ ትልቅ ባልዲ እየከፈቱ ከመቅዳት ብዙ ትናንሽ ማሰሮ የሚሻለው። በእርጥብ ማንኪያ ወይም እንጀራ በነካ እጅ አይቀዳ።

ማሬ ረግቶ ስኳር መሰለ፤ ተጭበርብሬ ነው?

ከራሳቸው ቀፎ ቆርጠው እንኳ ይሄንን የሚጠይቁኝ አሉ፤ ከሰው የገዙትማ ወዲያው ሻጩን ይጠረጥራሉ። መርጋት የማር ተፈጥሮ ነው። ማር ውስጥ ግሉኮስና ፍሩክቶስ የሚባሉ ሁለት ዋና ስኳሮች አሉ፤ ግሉኮሱ ሲበዛ ቶሎ ይረጋል። መርጋት በጣም የሚፈጥነው በ14 ዲግሪ አካባቢ ነው፤ ይሄ ደግሞ የእኛ የህዳርና የታህሳስ ቤት ሙቀት ነው። ቆላ ላይ ለወራት ፈሳሽ ሆኖ የሚቆይ ማር ሱሉልታ ወይም እንጦጦ ሲመጣ በሳምንታት ቢረጋ አያስገርምም። የመጭ ማርም በባህርይው ቶሎ ይረጋል። የትግራይ ነጭ ማር ረግቶ እንደ ቅቤ ሲሆን በውድ የምንገዛው ሆነን፣ የራሳችን ማር ሲረጋ መጠርጠራችን ተገቢ አይደለም።

ታዲያ ስኳር የተቀላቀለበትን በምን እንለይ? ክብሪት ነክሮ መጫር፣ ውሃ ውስጥ ማንጠባጠብ፣ ወረቀት ላይ ማድረግ፣ ጉንዳን ይበላዋል አይበላውም ማለት፣ እነዚህ ሁሉ ቢበዛ የማሩን ውፍረት ነው የሚናገሩት። ወፍራም የስኳር ሽሮፕ ሁሉንም ያልፋል፤ ቀጠን ያለ ንጹህ ማር ደግሞ ይወድቃል። በትክክል የሚለየው ላቦራቶሪ ነው። በእነዚህ ሙከራዎች ምክንያት ሐቀኛ አናቢ ገበያ ላይ ሲዋረድ አይቻለሁና ይሄንን ደጋግሜ እናገራለሁ።

የረጋውን እንደነበረ መብላት ይቻላል፤ እኔ ዳቦ ላይ የምወደው እንዲያውም የረጋውን ነው። ፈሳሽ ማድረግ ከፈለጉ ማሰሮውን ለብ ባለ ውሃ ውስጥ ያስቀምጡትና ውሃው ሲበርድ ይለውጡት። እጅዎ ችሎ የሚቆይበት ሙቀት፣ ወደ 40 ዲግሪ፣ ይበቃል። ምድጃ ላይ መጣድ፣ ማፍላት ጨርሶ አይሆንም፤ መዓዛው ይጠፋል፣ ቀለሙ ይጠቁራል፣ በውስጡ ያሉት ኤንዛይሞች ይበላሻሉ። ቀን ላይ ፀሐይ የሚያገኘው መስኮት አጠገብ በጨርቅ ሸፍኖ ማስቀመጥም ይረዳል።

ማሬ አረፋ አውጥቶ ኮመጠጠ። ይጣል?

ፈልቷል ማለት ነው፤ ውሃው በዝቶ እርሾው ተነስቷል። ወደ ማርነት አይመለስም፤ ግን አይጣልም። ጌሾ ካለዎት ጠጅ ይሁን። ሽታው የሻጋታ ከሆነ ወይም ቆሻሻ ገብቶበት ከሆነ ግን ለሰው አይሰጥ። ለንብ መልሶ መስጠትም ልክ አይደለም፣ የፈላ ማር ሆዳቸውን ያውካል።

ለሕጻን መስጠት ይቻላል?

ዕድሜው ከአንድ ዓመት በታች ለሆነ ሕጻን በፍጹም አይሰጥም፤ ጣት ነክሮ ማላስም ቢሆን። ማር ውስጥ ቦቱሊዝም የሚባለውን በሽታ የሚያመጣ ባክቴሪያ ዘር ሊኖር ይችላል። ለአዋቂ ሆድ ምንም የማያደርገው ይሄ ዘር በጨቅላ አንጀት ውስጥ አድጎ ጡንቻ የሚያሰልል መርዝ ያመነጫል። የማሩ ንጽህና ወይም ጥራት ይሄንን አይለውጠውም። እናቶቻችንና አያቶቻችን በፍቅር የሚያደርጉት ስለሆነ መከልከል ይከብዳል፤ ቢሆንም ይነገራቸው።

የቀረውን ሰፈፍ ምን ላድርገው?

በንጹህ ውሃ ሞቅ አድርገው ያቅልጡት፣ በጆንያ ጨርቅ ያጣሩት፣ ሳይነካ ይደር። ጠዋት ሰሙ ከላይ እንደ ቂጣ ረግቶ ይገኛል። ሰም ከ62 እስከ 65 ዲግሪ ላይ ስለሚቀልጥ ውሃው መፍላት የለበትም፤ ሰም በቀጥታ እሳት ላይ ያለ ውሃ ከተጣደ ደግሞ እሳት ያስነሳል። የእኔ ሰም ግማሹ ለቀፎዎቹ ይመለሳል፣ ግማሹ ለጧፍ ወደ ቤተ ክርስቲያን ይሄዳል። ማር የነካውን እንጀራ ወይም ዕቃ ውጭ ጥለው አይደሩ፤ በማግስቱ የሰፈሩ ንብ ሁሉ ተሰብስቦ ይዋጋበታል።

አጠገቤ ያለው ገበሬ መድኃኒት ይረጫል፤ ማሬን ይጎዳዋል?

ከማሩ በፊት ንቡን ነው የሚጎዳው። ፀረ ተባይ በቀን፣ አበባ ላይ ሲረጭ የሚወጣ ንብ አይመለስም። የአረም ማጥፊያውም ቢሆን መጩን፣ ማገጡንና አደዩን ስለሚያጠፋ ንቡን ያስርባል። ከገበሬው ጋር መጣላት ሳይሆን አስቀድሞ መነጋገር ነው የሚያዋጣው፦ የሚረጭበትን ቀን ይንገርዎት፣ ከተቻለ ማታ ይርጭ፤ እርስዎም በዋዜማው ማታ የቀፎውን መግቢያ አየር በሚያስገባ ወንፊት ሽቦ ዘግተው፣ ጥላ ሰጥተው ቀኑን ያሳልፉ። ህዳር ላይ አንድ ማሰሮ ማር ይውሰዱለት። የእኔ ጎረቤት አሁን ሳልጠይቀው ራሱ መጥቶ ነው የሚነግረኝ።

ከአንድ ቀፎ ምን ያህል ላገኝ እችላለሁ? በሊትር ልሽጥ ወይስ በኪሎ?

ባህላዊ ቀፎ አብዛኛውን ጊዜ በዓመት ከ5 እስከ 8 ኪሎ ይሰጣል፤ ባለ ፍሬም ቀፎ በደንብ ከተያዘ ከ15 እስከ 20 ኪሎ፣ በጥሩ ዓመት ከዚያም በላይ። የመጀመሪያው ዓመት ላይ ግን ብዙ አይጠብቁ፤ መንጋው እንጀራ ሲሠራና ሲበዛ ነው የሚከርመው። ሥልጠና ለሚፈልግ ሰው ሆለታ ያለው የንብ ምርምር ማዕከል ለእኛ ቅርብ ነው።

ሽያጩ በኪሎ ይሁን። አንድ ሊትር ማር 1.4 ኪሎ ገደማ ይመዝናል፤ ባለ 5 ሊትሩ ዕቃ ሲሞላ 7 ኪሎ ይይዛል። በሊትር ለክቶ የኪሎ ዋጋ የሚቀበል አናቢ ከየአምስት ሊትሩ ሁለት ኪሎ ማር በነፃ እየሰጠ ነው። ሚዛን ከሌለዎት ከጎረቤት ሱቅ ያስመዝኑ፤ ማሰሮው ላይም የተቆረጠበትን ወርና ቀፎውን ይጻፉበት፣ በሚቀጥለው ዓመት የትኛው ቀፎ መቼ እንደደረሰ ያስታውስዎታል።